ስልሳዎቹ ታጋሾች

ሐሙስ፣ መስከረም 9

ብዕሩን የያዘው እጅ የምራቴ ነው፤ ቃሉ ግን የኔ ነው። ይሄ ከሁሉ አስቀድሞ ይጻፍ። እሷ ልብስ ሰፊ ናት፤ ደብተሩም የልኬት ደብተሯ ነው። ከፊት በኩል የሰው ወገብና ትከሻ ተጽፎበታል፣ ከኋላ በኩል የኔ ሐይቅ ይጻፍበታል። መሀል ላይ ሲገናኙ ደብተሩ አለቀ ማለት ነው።

እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። አላፍርበትም። አርባ አንድ ዓመት የሐይቁን ውሃ የሚያግደውን የብረት በር ስጠብቅ በሩ አንድም ቀን ማንበብ ትችላለህ ወይ ብሎ አልጠየቀኝም። መዘውሩን ወደ ግራ ሳዞረው ይከፈታል፣ ወደ ቀኝ ስመልሰው ይዘጋል። ሰዉ አባ መዘውር ይለኛል። ቁልፉ አንገቴ ላይ ነው፤ ስተኛም አላወልቀው።

አሁን ከውሃ ቢሮ ወረቀት መጣ። ምራቴ ሁለት ጊዜ አነበበችልኝ፤ በሁለተኛውም አልተሻሻለም። የአትክልተኞች ማኅበር ዘንድሮ ሐይቁ ቀደም ብሎ ተለቅቆ መሬቱ ይተከል ብሎ ጠይቋል። በካርታው ላይ ቦታው ሜዳ ነው። ወፍ አለና ይቆይ የሚል ሰው ካለ፣ በየሳምንቱ ተቆጥሮ በጽሑፍ የሰፈረ መዝገብ ያምጣ። መዝገብ ከሌለ በሩ ጥቅምት 25 ይከፈታል።

ሜዳ ነው አሉ። ካርታውን የሣለው ሰውዬ በበጋ ነው የመጣው፤ አቧራ ለብሶ ሲመለስ ያየሁት እኔ ነኝ። በበጋማ ሜዳ ነው። ጋሪ ያልፍበታል፣ ልጆች ኳስ ይራገጡበታል፣ መሬቱ እንደ ሰነፍ ተረከዝ ይሰነጠቃል። ዝናብ ሲጥል ኮረብታው ሁሉ ያለውን ተሸክሞ እዚህ ያፈሳል፤ በሁለት ሳምንት ሜዳው ሐይቅ ነው። አምስት ወር ሐይቅ፣ ሰባት ወር ሜዳ። ሰው ተኝቶ ስላየኸው ሞቷል ብለህ ትጽፋለህ?

የማኅበሩ ሰብሳቢ ማን እንደሆነም ይጻፍ። ልጄ ነው። የዚህች ብዕር የያዘችው ምራቴ ባል።

ምን ቆምሽ? ጻፊ።

ቅዳሜ፣ መስከረም 11

የመጀመሪያው ቆጠራ። ቢሮው እንዴት ቆጠርክ እንዳይለኝ አቆጣጠሬ ይጻፍ። በሩ ላይ ቆሜ ክንዴን እስከ መጨረሻው እዘረጋለሁ። ስንዝሬን ውሃው ላይ አሳርፋለሁ። ከአውራ ጣቴ እስከ ትንሿ ጣቴ ድረስ የገባውን ወፍ አንድ በአንድ እቆጥራለሁ። ከዚያ ሐይቁ ዳር እስከ ዳር ስንት ስንዝር እንደሆነ እለካለሁ። ምራቴ ሳቀች፤ እሷም ሜትሯ ሲጠፋባት የምትለካው በስንዝር ነው። ልዩነታችን፣ ያንቺ ደንበኛ ቁሚ ሲሏት ትቆማለች አልኳት።

ዳክዬ ዘጠኝ መቶ። ባለ ከረጢት አርባ፤ ይሄ ከምንቃሩ ሥር ከረጢት ያንጠለጠለው ትልቁ ወፍ ነው። መጽሐፍ ምን እንደሚለው አላውቅም፤ ስም ያወጣሁት እኔ ነኝ፣ ወፉም ቅር አላለውም። ቀይ ቅልጥም መቶ ሠላሳ።

ጠላቂ ስንት እንደሆነ አልናገርም፤ ጠላቂን የቆጠረ ሰው ውሸታም ነው። እዚህ ነው ስትል እዚያ ብቅ ይላል። ቡናማ ነው፣ ከጭብጥ ብዙም አይበልጥ። ግን ጎጆውን የሚሠራው ውሃ ላይ ነው። ዳር ላይ አይደለም፣ ውሃው ላይ። የረጠበ ሣር ይቆልልና በሸምበቆ አስሮ እንደ ጀልባ ያንሳፍፈዋል፤ እንቁላሉን እዚያ ላይ ይጥላል። ይሄንን ያስተማረው መሐንዲስ የለም። ውሃው በአንዴ ከወረደ ጎጆው ጭቃ ላይ ይቀመጣል፤ ከዚያ በኋላ ውሻ ነው፣ ቀበሮ ነው፣ አለቀ። በሩ ተዘግቶ የሚቆየው ለሱ ነው። ሌላው ክንፍ አለው፣ ይሄዳል።

ከምሥራቁ ሸምበቆ ውስጥ ድምፃቸው ይሰማል። ጻፊው።

ዛሬ ጉሙ ወፍራም ነበር።

ቅዳሜ፣ መስከረም 18

በችኮላ። ለልክ የመጣች ደንበኛ በር ላይ ቆማለች። ዳክዬ አንድ ሺህ ሁለት መቶ። ባለ ከረጢት ስልሳ። ጠላቂ ከምሥራቁ ሸምበቆ ይጮኻል፣ ከሰሜኑም ጀምሯል። ጉም። ደንበኛዋ ምንድነው የምትጽፊው ብላ ጠየቀቻት። ልኬት አለቻት። አልዋሸችም።

ሰኞ፣ መስከረም 27

ዛሬ ማሽኗ ክር በጠሰባትና ሥራ ፈታች፤ ስለዚህ ደህና አድርገን እንጽፋለን።

ሐይቁ ሞልቷል። እንዲህ የሞላበትን ዓመት በጣቴ ነው የምቆጥረው። የልጆቹ የኳስ ሜዳ ሰጥሞ የግቡ አግዳሚ ብረት ብቻ ከውሃው በላይ ቀርቷል። አንድ ጥቁር ወፍ በየማለዳው እዚያ ብረት ላይ ይቆምና ክንፎቹን ግራና ቀኝ ዘርግቶ ያደርቃል። ግብ ጠባቂው እለዋለሁ። በአርባ አንድ ዓመት አንድ ጎል አልገባበትም።

ወፎቹ ከየት እንደሚመጡ እንጃ። ዝናቡ እዚህ ጥሎ ውሃው እዚህ መተኛቱን ማን ይነግራቸዋል? ደብዳቤ አይጻፍላቸው። ትናንት ደረቅ ሜዳ ነበር፤ ውሃው ገብቶ አራት ቀን ሳይሞላ ሰማዩ ይንጫጫል። መጀመሪያ ቀጫጭኖቹ ይመጣሉ፤ ጭቃውን በመርፌ ምንቃራቸው እየወጉ ይሰፋሉ፤ ምራቴ ስታያቸው የሙያ ባልደረቦቼ አለች። ቀጥሎ ዳክዬው ይወርዳል። ሲወርድ እግሩን ወደፊት ዘርግቶ ውሃው ላይ ይንሸራተታል፤ አንድ ሺህ ሲያርፍ የሸራ መቀደድ ድምፅ አለው። ባለ ከረጢቶቹ ደግሞ ሽማግሌዎች ናቸው። በግማሽ ክብ ይሰለፋሉ፣ ክንፋቸውን እየመቱ ዓሣውን ወደ ዳር ይነዳሉ፣ ከዚያ ሁሉም ባንድ ጊዜ ያጎነብሳሉ። እንደነሱ ተስማምቶ የሚሠራ ማኅበር እስካሁን አልገጠመኝም፤ የልጄንም ጨምሮ።

ከስተው ይመጣሉ፣ ሰብተው ይሄዳሉ። አንዳንዱ ሲደርስ ደረቱ እንደ ቢላ ስለት ነው። ይሄ ውሃ ባይኖር የት ያርፍ ነበር? ባሕር የሚያቋርጥ ወፍ መሀል ላይ ጉልበቱ ሲያልቅ ሜዳ አሳየው እስቲ።

ልጄ ራት ላይ ተናገረ። ከቤቱ ኋላ ስድስት መደብ የሽንኩርት ችግኝ አፍልቷል፤ ለማኅበሩ ሁሉ የሚበቃ። በጥቅምት መጨረሻ ካልተዛወረ ያረጃል፣ አንገቱ ይወፍራል፣ ከዚያ በኋላ ለምንም አይሆንም። አሥራ ስምንት ቤት ያን ችግኝ ነው የሚጠብቀው። ይሄን ሁሉ በደህና ድምፅ ነገረኝ፤ መጨረሻ ላይ ግን፣

“አባባ፣ የወፍ ልጅ ካንተ ልጅ ይበልጣል?” አለኝ።

አንተ በሰዓትህ ተፈልፍለሃል አልኩት። ምራቴ ሳቋን ዋጠች። እሱ ሳይበላ ተነሳ።

የተናገርኩት ልክ ነው። ግን የተወውን ሳህን ከድኜ አስቀመጥኩለት። ይሄን አትጻፊው።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 2

ዛሬ አዲስ ወፍ መጣ! አርባ አንድ ዓመት ቆይቶ አዲስ ወፍ! በደቡቡ ዳር፣ ውሃው ከጉልበት በማይበልጥበት። ነጭ ነው፣ ቁመቱ እንደ ሽመላ፣ ቀጥ ብሎ ይቆማል። ወደ ሃያ ይሆናሉ። አይጮኽም፣ አይለቅምም። ውሻ በአጠገቡ ሲያልፍ እንኳ አልተነሳም። ነፋስ ሲመጣ ብቻ ክንፉን ትንሽ ያራግባል። እንዲህ ያለ ጨዋ ወፍ አይቼ አላውቅም። ጠዋት እዚያ፣ ማታም እዚያ። ስሙን ታጋሽ ብዬዋለሁ። ታጋሽ፣ ሃያ። ጻፊ።

ብዕሯን አቆመች። ምነው አልኳት። ቀለሙ አልወርድ አለኝ አለች። አራግፊው አልኳት።

ዳክዬ አንድ ሺህ አምስት መቶ። ጠላቂ በምሥራቁም በሰሜኑም። ጉሙ እንዳለ ነው። እንዲህ ሙሉ ቀን የማይነሳ ጉም ዘንድሮ ነው ያየሁት።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 9

ታጋሽ ስልሳ። በአንድ ሳምንት ሦስት እጥፍ! ደግሞ ሰልፍ ያውቃሉ፤ በረድፍ በረድፍ፣ በእኩል ርቀት ነው የቆሙት። ቢሮው ይሄን ሲያነብ ምን እንደሚል ማየት ነው። ሐይቁ ባዶ ሜዳ ነው ላለ ሰው ስልሳ ታጋሽ መልስ ነው።

ለባለ ሱቁ ነገርኩት። አባ መዘውር፣ እነዚህ ወፎችህ ግብር ቢከፍሉ ጥሩ ነበር፣ ከሁላችንም ይልቅ ቦታቸውን አይለቁም አለኝ። ሱቁ ውስጥ የነበሩት ሳቁ። የቀኑብኝ ይስቁ።

ማታ ከግድግዳው ባሻገር ባልና ሚስት ሲነጋገሩ ሰማሁ። ንገሪው አላት። አንተ ንገረው፣ አባትህ ነው አለችው። ምን ብዬ ነው የምነግረው አላት። የበሩን ነገር ነው። ሊያባብሉኝ አስበው አፍ አጡ። ይሄንን ራሷ ስትጽፈው እጇ ቀስ አለ። ይበል። ግድግዳ ጆሮ ባይኖረው እኔ አለኝ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 13

አግዳሚ ወንበሩን ከቦታው ማን አነሳው? ቅልጥሜ ተላጠ። ማንም አላነሳውም ይላሉ። አምፖሉም ደካማ ነው፤ ልጄ ርካሽ ነገር ሲያገኝ አያልፍም። ሌላ የሚጻፍ የለም።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 16

ታጋሽ ስልሳ። አንድ አልጨመረ፣ አንድ አልጎደለ። ዳክዬ ሁለት ሺህ፤ ወይም ከዚያ በላይ። በድምፁ ከዚያ በላይ ነው። ከምሥራቁ ሸምበቆ የጫጩት ድምፅ ሰማሁ፤ ቀጭን፣ ቶሎ ቶሎ የሚል፣ እናቱን ምግብ የሚለምን። ከሰሜኑ ገና ነው፤ እዚያ እንቁላል የታቀፉ ናቸው የሚጮኹት። እሷ ምንም አልሰማሁም አለች። አንቺ የማሽን ጆሮ ነው ያለሽ አልኳት።

ረቡዕ እለት ከቢሮው ባለሙያ ይመጣል ተብሏል። ይምጣ። መዝገቡ አለ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 20

መጣ። ረጅም መነጽር በሦስት የብረት እግር ላይ ያቆማል። ባለ ሦስት እግሩ እንበለው። ወጣት ነው፣ ትሁት ነው፣ አባት አባት ይላል። ደብተሩን በሩ አጠገብ ቁጭ ብሎ አነበበ። ይሄ ታጋሽ የሚሉት የቱ ነው አለኝ። እጄን ዘርግቼ አሳየሁት። በመነጽሩ አየ። ብዙ ጊዜ አየ። ልጄም ቆሟል፣ ማኅበርተኛውም ቆሟል።

“አባት” አለኝ ቀስ ብሎ፣ “እነዚህ ጆንያዎች ናቸው። እንጨት ላይ የታሰሩ።”

ማኅበሩ መሬቱን ከወዲሁ ሊከፋፈል የቦታ ምልክት ተክሏል ለካ። ነጭ የማዳበሪያ ጆንያ ቀድደው። ስልሳ እንጨት፣ ስልሳ ጆንያ።

ከኋላ አንድ ሰው ሳቀ። ልጄ አልሳቀም። ቢስቅ ይሻለኝ ነበር።

ባለ ሦስት እግሩ፣ እንዲህ ያለ ነገር ካለበት መዝገቡን ለመቀበል ይቸግረኛል አለ። በትሕትና ነው ያለው። ትሕትናው ነው የገደለኝ።

ታጋሽ የሚለው ያለበት ሁሉ ይሰረዝ። አሁኑኑ ሰርዢው አልኳት። ብዕሯ ወረቀቱ ላይ ሲንቀሳቀስ ሰማሁ። ሰረዝኩት አባባ አለችኝ።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 21

ዛሬ የምናገረው ለሷ ነው፤ ራሷ ትጽፈዋለች።

ጆንያዎቹን ማን ቀደዳቸው ብዬ ጠየቅኳት። አለቀሰች። በመቀሷ ቀድዳ፣ በማሽኗ ጠርዛቸውን ሰፍታ ለባሏ የሰጠችው እሷ ናት። እኔ ታጋሽ ሃያ ብዬ ሳስጽፋት እያንዳንዳቸውን ታውቃቸው ነበር። ቀለሙ አልወርድ ያለው ለዚያ ነው።

“ደስ ብሎዎት ነበር” አለችኝ። “እንዴት ልንገርዎት?”

ዝም ማለት ክብር መስሎሻል አልኳት። ጥጋበኛ ሲወድቅ ይሳቅበት፣ ደግ ነው። እኔን ግን ሦስት ሳምንት ሙሉ በሰው ፊት አሳቅሽብኝ። ልብስ ተንሻፎ ሲሰፋ ደንበኛሽ ደስ ስላላት ዝም ብለሽ ታስረክቢያታለሽ ወይ አልኳት። አላስረክብም አለች። እንግዲያው አልኳት።

ከዚያ አንድ ነገር አምጥታ እጄ ላይ አኖረች። የመርፌ ማስቀመጫዋ ነው፣ ያቺ በጥጥ የተሞላችው ክብ ጨርቅ። ባለ ጉልላት ስፒሎች ተሰክተውባታል። ላለፉት ሁለት ቅዳሜዎች በመስኮቱ በኩል ስትቆጥር ኖራለች፤ ለመቶ ወፍ አንድ ስፒል። የመጀመሪያው ቀን ለመቀለድ ነው የጀመርኩት፣ ሁለተኛው ቀን ግን ማሽኔን ረሳሁ አለችኝ። ቀይ ቅልጥሞቹ ባንድ ጊዜ ሲነሱ ከክንፋቸው ሥር የሚወጣው ቀለም በየትኛውም የጨርቅ ሱቅ የለም አለችኝ። እንዲህ ያለ ቃል ከሷ አፍ ሲወጣ የመጀመሪያዬ ነው።

በጣቴ ዳሰስኳቸው። ሃያ ሦስት ስፒል። ሁለት ሺህ ሦስት መቶ። እኔ በጆሮዬ ከሁለት ሺህ በላይ ብዬ ነበር።

ከዛሬ ጀምሮ ያየሽውን ትነግሪኛለሽ፣ የሰማሁትን እነግርሻለሁ። ያልነገርሽኝ ነገር ካለ ግን ደብተሩን እሳት ውስጥ እጥለዋለሁ።

ዓርብ፣ ጥቅምት 22

ባለ ሦስት እግሩ ከተማ ሊመለስ ነበር። ያረፈበት ቤት ድረስ በምራቴ ክንድ ሄድኩ፤ ከመንጋቱ በፊት በሩ ላይ ና፣ መነጽርህን ግን ዝጋው አልኩት። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ፤ እኔን ንቀው በሩን ሊነቀንቁ ነው፤ እስቲ አንድ ማለዳ ስጠኝ አልኩት። መጣ። ሳይገደድ መጣ፣ ይሄ ይጻፍለት።

ጨለማ ነው። ጨለማ ላይ ሁላችንም እኩል ነን። በሩ ባለበት ግንብ ላይ ተቀመጥን። እኔ ተናገርኩ፣ እሱ በራሱ ወረቀት ጻፈ። ከፊታችን፣ ግቡ አጠገብ፣ የሚያንጎራጉር ዳክዬ፣ አራት መቶ ገደማ። በስተቀኝ ጥልቁ ላይ ባለ ከረጢቶች ተኝተዋል፤ ሲገላበጡ ምንቃራቸው እንደ እንጨት ይጋጫል፣ ሰባ አይሞሉም። ከደቡቡ ዳር ምንም የለም፣ ጆንያ ብቻ፤ ነፋስ ሲመጣ ይንኳኳል። ይሄንን ስል ምራቴ ክንዴን ያዘችኝ። ከምሥራቁ ሸምበቆ የተፈለፈሉ ጠላቂዎች። ከሰሜኑ ሸምበቆ የታቀፉ፤ እናትና አባት ሲቀያየሩ የሚያሰሙት አጭር ሳቅ የመሰለ ድምፅ አለ፤ ያቺን ሳቅ ከሠላሳ ቦታ በላይ ለየሁ። አሁን በሩ ቢከፈት ያ ሁሉ ጭቃ ላይ ይቀመጣል አልኩት።

ነጋ። መነጽሩን ከፈተ። ምራቴ ስፒሏን ይዛ ከጎኑ ቆመች። ዳክዬው ግቡ አጠገብ አራት መቶ ሃያ ነው። ባለ ከረጢቱ ስልሳ ስምንት። ከአንድ ዓሣ አስጋሪ ጀልባ ለምኖ ብቻውን ወደ ሰሜኑ ሸምበቆ ቀዘፈ። አንድ ሰዓት ቆየ። ሲመለስ ሱሪው እስከ ጭኑ ርሷል።

“ሠላሳ አራት ጎጆ” አለ። “በመነጽር አንዱንም አላየሁትም ነበር፣ አባት።”

ወፎቹ በአንድ እግር ቆመው ያያሉ፣ አንተ በሦስት እግር ቆመህ አታይም አልኩት። ሳቀ። ከዚያ ደብተሩን ድጋሚ ጠየቃት። ገጹን ሲገልጥ እሰማለሁ። የሆነ ቦታ ላይ ቆመ፣ ብዙ ቆየ። ያዩት ተሳስቷል፣ የሰሙት ግን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ልክ ነው አለኝ። ደብተሩን ለምራቴ ሲመልስላት በሁለት እጁ ነበር አለችኝ።

ሰኞ፣ ጥቅምት 25

በሩ ሊከፈት የነበረው ዛሬ ነው። ባለ ሦስት እግሩ የቢሮውን ቃል አመጣ፤ በሩ ተዘግቶ ሠላሳ ቀን ይቆያል፣ ጫጩቶቹ ይድረሱ።

አሥራ ስምንት አባወራ ግንቡ ላይ ቆሟል። ማንም አልጮኸም። ልጄ አንድ ችግኝ ነቅሎ አምጥቶ እጄ ውስጥ አኖረው። አንገቱን በጣቴ መዘንኩት። ወፍሯል። አንድ ሳምንት ይቆይ ይሆናል፣ ሠላሳ ቀን አይቆይም። ልጄ አልለመነም፤ ዳስሰው ብቻ አለኝ። እሱም የኔ ልጅ ነው፣ አይለምንም።

አሸንፌ ነበር። ዝም ብዬ ቁልፌን አንገቴ ላይ አድርጌ ወደ ቤቴ መግባት እችል ነበር። ችግኙ ግን እጄ ውስጥ ነው፤ ሽታው እንደ ልጅ ጭንቅላት ነው፣ ትኩስ።

ስለዚህ የማውቀውን ተናገርኩ፤ ማንም አልጠየቀኝም። የጠላቂው ጎጆ በሸምበቆ ሲታሰር ላላ ብሎ ነው የሚታሰረው፤ ውሃው ሲጨምር ከፍ ይላል፣ ሲቀንስ ይወርዳል። የሚገድለው ውሃው በአንዴ ሲሄድ ነው። በቀን አንድ ጣት ብቻ ቢወርድ ጎጆው አብሮ ይወርዳል፣ ወፉም አይነቃም። በቀን አንድ ጣት ከወረደ ደግሞ የደቡቡ ዳር፣ ጆንያዎቹ ያሉበት፣ በሳምንት ውስጥ መገለጥ ይጀምራል። በረድፍ በረድፍ፣ ውሃው እየሸሸ ሲሄድ እየተከተላችሁ ትተክላላችሁ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል እያላችሁ ትተርቱ የለም? ይኸው እንቁላሉ፣ አስኪዱት።

ባለ ሦስት እግሩ ተስማማ፤ ከአንድ ጣት ካለፈ ግን እኔው መጥቼ እዘጋዋለሁ አለ። አንድ ጣት ማን ይለካል አሉ። የግንቡ ድንጋይ ላይ አባቶች የፈለፈሉት ምልክት አለ፤ እኔ በጣቴ እዳስሰዋለሁ፣ ምራቴ በዓይኗ ታየዋለች፣ ሁለታችን ካልተስማማን መዘውሩ አይነካም አልኩ።

ልጄ መዘውሩን ያዘ። እጄን በእጁ ላይ አኖርኩ። ሩብ ዙር። ውሃው ከበሩ ሥር መንሾካሾክ ሲጀምር በቃ አልኩት፣ ቆመ። ልጅ ሳለ አንዴ መዘውሩን ነክቶ በጥፊ መትቼው ነበር። አስታወሰው እንደሆነ አልጠየቅኩትም። እጁን ግን ቶሎ አላነሳም።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 27

አንድ ጣት። ተስማማን።

ዓርብ፣ ጥቅምት 29

አንድ ጣት ተኩል ሆኖ ተገኘ። እኔ ተኩል አልኩ፣ እሷ አንድ ነው አለች። ድጋሚ አይታ ልክ ነዎት አለች። በሩ ለአንድ ቀን ተዘጋ። ልጄ አጉረመረመ፣ ግን ዘጋው።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 3

የመጀመሪያው ረድፍ ተተከለ። ልጄ በጭቃው ውስጥ ሲተክል ቀጫጭኖቹ ወፎች ከኋላው እየተከተሉ ትል ይለቅማሉ አለችኝ። አላባረራቸውም ወይ አልኳት። ደግሞ ከኋላዬ መጣችሁ እያለ ይሰድባቸዋል እንጂ አላባረረም አለች። ስድቡ የኔ ነው፤ ከኔ ነው የተማረው።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 21

የመጨረሻው ቆጠራ። ደብተሩ ሊያልቅ አንድ ገጽ ቀርቶታል፤ ከወዲያ በኩል የአንዲት ደንበኛ ወገብ እየመጣብን ነው።

ከሰሜኑ ሸምበቆ ሳቁ ቆመ። ሠላሳ አራቱም ጎጆዎች ባዶ ናቸው። ውሃው መሀል ላይ ግን ጠላቂዎቹ ወጥተዋል። ምራቴ ግንቡ ላይ ቆማ ነገረችኝ፣ እኔም አልዋሸችኝም እላለሁ፤ ጫጩቶቹን በጀርባቸው አዝለው ነው የሚዋኙት። ላባቸውን ከፍ አድርገው፣ ልጆቹን ከሥሩ ሸጉጠው፣ ጭንቅላታቸው ብቻ ብቅ ብሎ። ጫጩቶቹ ፊታቸው ላይ መስመር መስመር አላቸው አለች፤ አንዷ ሦስት አዝላ ሁለተኛዋ እየቀዘፈች ትከተላለች። አባባ፣ ሲጠልቁም ልጆቹ አይወድቁም አለችኝ፣ እንደ ሕፃን እየተደነቀች። አውቃለሁ አልኳት። አርባ አንድ ዓመት አውቃለሁ። ግን ዛሬ ከሷ አፍ ስሰማው አዲስ ሆነብኝ።

ዳክዬው ሰብቷል፤ ሲነሳ ክንፉ ይከብደዋል፣ ይሰማል። በሳምንት ውስጥ ይሄዳሉ። ከዚያ መዘውሩ ሙሉ ይዞራል። ግብ ጠባቂውም ብረቱን ለልጆቹ ይለቅላቸዋል። ሽንኩርቱ ሥር ይዞ ቆሟል። ባለ ሦስት እግሩ ካርታውን ያስተካክላል ተብሏል፤ በሰማያዊ ነጠብጣብ ይሣላል አለ፣ በየዓመቱ ለሚመጣና ለሚሄድ ውሃ ምልክቱ ያ ነው። ነጠብጣብ ከሆነ ምንም አይደል። እኛስ ምንድነን?

ስለ ጉሙ አንድ ነገር ይጻፍ። ጉሙ ሐይቁ ላይ አልነበረም። ይሄው ነው፣ ሌላ አልጨምርም።

ቁልፉን ዛሬ ከአንገቴ አወለቅኩት። ከማሽኗ አጠገብ ያለው ሚስማር ላይ ሰቀልኩት፤ ሚስማሩን በጣቴ ፈልጌ፣ ራሴ። ለልጄ ነው የሚሆነው ብሎ ሰዉ ጠብቆ ነበር። ችግኝ የሚያውቅ ችግኝ ይጠብቅ፣ ወፍ የምታይ በሩን ትጠብቅ። ልጄ ቅር አለው? ትንሽ። ይለፍለታል። እሷ እምቢ አለች፤ አልሰማሁም። ደስ ያላለኝን ብቻ የማልሰማበት ጊዜም አለ።

አሁን ከመጀመሪያው አንብቢልኝ። ከካርታው፣ ከግብ ጠባቂው፣ ከሁሉም። ጥቅምት 2 ላይ ስትደርሺም አትዝለዪ። ሰርዢው ባልኩሽ ቀን ብዕርሽን ሰምቼዋለሁ፤ መሰረዝ አንድ ረጅም ድምፅ ነው፣ ያንቺ ግን አጫጭር ነበር። የተናገርኩትን ጨምረሽ ጻፍሽ እንጂ አንድም ቃል አልሰረዝሽም። ዝም ያልኩሽ አውቄ ነው። ታጋሽ ስልሳ የሚለው እዚያው አለ።

እሱንም አንብቢልኝ። ድምፅሽን ሳትቀንሺ።